ይሄ ተራራ ጦሳ ነው? ስለ አርካይቭ ፉቴጅ ፍለጋ ደሴ ላይ የተደረገ ንግግር

(ይህ ጽሑፍ ደሴ ላይ ፊልም ለሚሠሩና ለሚማሩ ወጣቶች ካደረግኩት ንግግር የተዘጋጀ ነው። እንደተናገርኩት ለማቆየት ሞክሬያለሁ። ጥቂት ቦታ ብቻ አሳጥሬዋለሁ።)

እንደምን ዋላችሁ። እኔ ሥራዬ ለፊልም የሚሆን አርካይቭ ፉቴጅ፣ ማለት ድሮ የተቀረጸ ምስል፣ መፈለግ ነው። በቀጥታ ወደ ጉዳዩ ልግባ።

መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ፣ የበዓሉ ሽታ ከቤት ሳይወጣ፣ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አንድ ፊልም ታየ። የእናንተን አገር፣ የወሎን ረሃብ የሚያሳይ ነው። ቀረጻው የእንግሊዛዊው ጋዜጠኛ የጆናታን ዲምብልቢ ነው። ቴምዝ ቴሌቪዥን «ያልታወቀው ረሃብ» ብሎ ለእንግሊዝ ሕዝብ ያሳየው ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ነበር። መስከረም 1 ማታ የታየው ግን ፊልሙ እንዳለ አልነበረም። ደርግ በመሀል በመሀል ሌላ ምስል አስገብቶበታል። የቤተ መንግሥት ግብዣ። ንጉሡ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ። ከዚያ መልሶ የወሎ ሕፃናት። በማግስቱ ጠዋት ንጉሡ ከዙፋን ወረዱ።

ታሪኩን ብዙዎቻችሁ ታውቁታላችሁ። እኔ የማነሣው ሌላ ጥያቄ ነው። ያንን የውሾች ምስል ማን አገኘው? መቼም በራሱ እግር አልመጣም። አንድ ሰው ሣጥን ከፍቷል። ጥቅልል አውጥቷል፣ አይቷል፣ «ይሄ ይሆናል» ብሎ ለኤዲተሩ ሰጥቷል። ያ ሰው፣ ወደድኩም ጠላሁም፣ የሙያ ባልደረባዬ ነው።

ልብ በሉ፤ ሁለቱም ምስሎች እውነተኛ ናቸው። ረሃቡ ነበር። ውሾቹም ነበሩ። የተነሡት ግን በአንድ ቀን አይደለም፣ በአንድ ካሜራም አይደለም። አንዱ ከሌላው ሲቀጠል ግን ተመልካቹ በአንድ ሰዓት የሆኑ አድርጎ አያቸው። ማንም አልዋሸም ማለት ይቻላል። ማንም እውነቱን አልተናገረም ማለትም ይቻላል። የእኔ ሥራ ያለው እዚህ መሀል ላይ ነው።

ስለዚህ ዛሬ አንድ ነገር ብቻ ላስረዳችሁ እፈልጋለሁ። ምስል ማግኘት ቀላሉ ሥራ ነው። ከባዱ፣ ያገኛችሁት ምስል ምን እንደሆነ ማወቅ ነው። ማን አነሣው? የት? መቼ? ለማን ብሎ? እዚህ ላይ ደግሞ ለንደን ወይም ሮም ከተቀመጠው ባለሙያ ይልቅ እናንተ ትበልጣላችሁ። ለምን እንደሆነ እመጣበታለሁ።

ሙያው በሌላው ዓለም ስም አለው። ፊልሙ አልቆ ስም ዝርዝር ሲወርድ «አርካይቭ ሪሰርቸር» ወይም «አርካይቫል ፕሮዲዩሰር» የሚል ታያላችሁ። ማለቴ፣ ሰው ሁሉ ተነሥቶ ሲወጣ። ለንደን ውስጥ ፎካል ኢንተርናሽናል የሚባል ማኅበር አለ። በ1985 እ.ኤ.አ. የተቋቋመ ነው፣ ለዘርፉ ሰዎች በየዓመቱ ሽልማት ይሰጣል። እኛ ጋ ብዙ ጊዜ ሥራውን የሚሠራው ኤዲተሩ ነው። ያውም ሌሊት። ያውም ዩቲዩብ ላይ።

ሥራው ግን የትናንት አይደለም። የሙያው እናት የምላት ኤስፊር ሹብ የምትባል የሶቪየት ኤዲተር ናት። በ1927 እ.ኤ.አ. ስለ ሮማኖቭ ሥርወ መንግሥት ውድቀት አንድ ፊልም ሠራች። እርጥበት ያበላሻቸውን የቆዩ ጥቅልሎች ከየመጋዘኑ እያወጣች 60,000 ሜትር ያህል ፊልም አየች። ለፊልሟ የወሰደችው ወደ 1,500 ሜትር ነው። ከምስሎቹ ብዙዎቹ የዛሩን፣ ማለት የሩሲያን ንጉሥ፣ ቤተሰብ ለማስከበር የተነሡ ነበሩ። ዛሩ ሽር ሲል፣ መኳንንቱ ሲጨፍሩ። እሷ ያንኑ ምስል ጭቃ ውስጥ ከሚሠራ ገበሬ ጎን አስቀመጠችው። ከ47 ዓመት በኋላ አዲስ አበባ ውስጥ የሆነውም ይኸው ነው። ደርግ ከእሷ ተማረ አልልም፤ ብልሃቱ ግን አንድ ነው።

እሺ፣ ሥራው በተግባር እንዴት ነው? ዳይሬክተሩ ይደውላል። «በ1928 የነበረው የደሴ ገበያ፣ ሁለት ደቂቃ፣ ጥራቱ አሪፍ የሆነ፣ እስከ ዓርብ» ይላል። ዓርብ ማለት ነገ ነው።

የት ይኬዳል? መጀመሪያ ካሜራ የነበረው ማን ነው ብላችሁ ጠይቁ። በ1928 ደሴ ዙሪያ ካሜራ የነበራቸው በዋናነት ሁለት ወገኖች ናቸው። አንደኛው ወራሪው ነው። የጣሊያን መንግሥት ኢስቲቱቶ ሉቼ የሚባል የፊልም ተቋም በ1924 እ.ኤ.አ. አቋቁሟል፤ ለዚህ ጦርነት ብሎም የምሥራቅ አፍሪካ ክፍል ከፍቶ ነበር። የሉቼ ክምችት ዛሬ በኢንተርኔት ይታያል። የዜና ፊልሞቹ በ2013 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ የዓለም መዝገብ ውስጥ ገብተዋል። ሁለተኛው ወገን በእኛ በኩል የነበሩት የውጭ ጋዜጠኞችና ካሜራ ያዦች ናቸው። የእነሱን ሥራ የምታገኙት ብሪቲሽ ፓቴ፣ ሙቪቶን፣ ዩኒቨርሳል ኒውስሪል በሚባሉት የዜና ፊልም ክምችቶች ነው። ፓቴ በ2014 እ.ኤ.አ. 85,000 ያህል ፊልሞቹን ዩቲዩብ ላይ ጭኗል። የዩኒቨርሳሉን ባለቤቶቹ ለአሜሪካ ብሔራዊ ቤተ መዛግብት አስረክበውታል። እና ብዙ ሰው የሚረሳው ሩሲያ አለች። ሶቪየቶች በዚያ ጦርነት ሁለት ካሜራ ያዦች ወደ እኛ ልከው «አቢሲኒያ» የሚል ፊልም በ1936 እ.ኤ.አ. አውጥተዋል። የዚያ ዘመን የዜና ፊልማቸው የሚቀመጠው ሞስኮ አጠገብ፣ ክራስኖጎርስክ በሚገኘው መዝገብ ቤት ነው። ጠላትህን ፊልም ያነሣው የጠላትህ ጠላት ሊሆን ይችላልና እዚያም ፈልጉ።

ስትፈልጉ ደግሞ «ደሴ» ብቻ ብላችሁ አትቁሙ። እንግሊዞቹ በሁለት ኤስ ጽፈው በዋይና በኢ ይጨርሱታል። ጣሊያኖቹ መጨረሻው ላይ ጭረት ያደርጋሉ። «ኢትዮጵያ» ብላችሁ ያጣችሁት «አቢሲኒያ» ስትሉ ይወጣል። አንዳንዴ የከተማው ስም ከነጭራሹ የለም። «የአፍሪካ ገበያ» ብሎ ይዘጋዋል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ቀኑ።

የዜና ፊልም ካታሎግ ላይ የምታዩት ቀን ብዙ ጊዜ ፊልሙ ሲኒማ ቤት የታየበት ቀን ነው፤ ካሜራው የተከፈተበት አይደለም። በዚያ ዘመን ፊልሙ በበቅሎ፣ በመኪና፣ በባቡር፣ በመርከብ ሄዶ ነው የሚታጠበው። ሳምንታት ያልፋሉ። ጣሊያኖች ደሴ የገቡት ሚያዝያ 7 ቀን 1928 ነው። ካታሎጉ ግንቦት ቢል አትደናገጡ። ሌላው የሚደናገሩበት፣ የእኛው ዘመን አቆጣጠር ነው። አንድ ካሴት ላይ «የወሎ ረሃብ 1966» ተብሎ ተጽፎ ብታገኙ የትኛው ነው? በእኛ 1966 ከሆነ ዲምብልቢ የመጣበት ነው። በፈረንጆቹ 1966 ከሆነ ግን በእኛ 1958 ነው፤ በ1958ም ወሎ ውስጥ፣ ዋግና ላስታ በኩል፣ ረሃብ ነበር። ሁለት የተለያዩ ረሃቦች፣ አንድ ቁጥር። ፈረንጁ ቢሳሳት አይገርመኝም። የእኛ ሰው የጻፈው ካሴት ላይ ዓ.ም. ወይም እ.ኤ.አ. ሳይል መተዉ ነው የሚያናድደኝ።

ከለር መሆኑና አለመሆኑም ይረዳል፣ ግን በጥንቃቄ። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ሲጀምር ጥቁርና ነጭ ነበር። ወደ ከለር የገባው በ1977፣ የአብዮቱ አሥረኛ ዓመት ሲከበር ነው። ስለዚህ የአገር ውስጥ የቴሌቪዥን ቀረጻ ነው የተባለ ከለር ምስል «1970» ከተባለ ጥያቄ አንሡ። የውጭ ሰዎች ግን ከዚያ ብዙ ቀድመው በከለር ፊልም ያነሡ ነበር።

ቦታውስ? እዚህ ነው የእናንተ ጉልበት። ካታሎግ የሚጽፈው ሰው ደሴን አያውቃትም። ካሜራ ያዡ ወረቀት ላይ የጻፈውን ነው የሚገለብጠው። ካሜራ ያዡም ደክሞታል፣ ዝናብ መትቶታል፣ የትናንቱን ከተማ ስም ለዛሬው ይሰጣል። እናንተ ግን ተራራውን ታውቁታላችሁ። ከኋላ ያለው ጦሳ ነው ወይስ አይደለም? ጦሳ ከሆነ ከየት አቅጣጫ ነው የታየው? ጦሳ በምዕራብ ነው። ፀሐይ በእሱ ኋላ ስለምትገባ ከሰዓት ጥላው ወደ ከተማው ይወርዳል። ጥላው በተቃራኒው ከሆነ ጠዋት ነው፣ ወይም ደሴ አይደለም፣ ወይም ፊልሙ ተገልብጧል።

መገልበጥ ስል ቀልድ አይደለም። ጥቅልሉ በተቃራኒ ፊቱ ተቀድቶ ግራው ቀኝ፣ ቀኙ ግራ የሆነ ፊልም ብዙ ጊዜ ያጋጥማል። ሰዎቹ ሁሉ ግራኝ ይመስላሉ። ጋሻው በቀኝ፣ ጎራዴው በግራ እጅ። ጽሑፍ ካለ ወዲያው ይታወቃል። ከሌለ ግን ለንደን ያለው ሰው በምን ያውቃል? የሐረጎን ጠመዝማዛ መንገድ ወጥቶ የሚያውቅ የደሴ ልጅ ግን «ይሄ ኩርባ ወደዚህ አይዞርም» ይላል።

ደሴና ኮምቦልቻንም ይቀላቅላሉ። ሃያ ምናምን ኪሎ ሜትር ነው ልዩነቱ፣ ግን በከፍታ ስድስት መቶ ሜትር ገደማ ትወርዳላችሁ። ሜዳው ሰፊ ነው፣ ሰማዩ ሰፊ ነው፣ ሰዉ የለበሰው ቀለል ይላል። ካታሎጉ «የጣሊያን ጦር በደሴ» ብሎ የሚያሳያችሁ መኪናዎች የተደረደሩበት ሰፊ ሜዳ ከሆነ፣ እኔ መጀመሪያ የምጠይቀው «ይሄ ሜዳ ደሴ ውስጥ የት ነው?» ብዬ ነው። የጣሊያን ጦር አዛዥ ማርሻል ባዶሊዮ ወደ አዲስ አበባ የተነሣው ከደሴ ነው፤ ከአንድ ሺህ በላይ መኪና አሰልፎ። ያ ሰልፍ መንገዱን ሙሉ ተቀርጿል። ሁሉም «ደሴ» ተብሎ መመዝገቡ ለሰነፍ ካታሎግ ጸሐፊ ይቀላል።

ሕንፃም ይናገራል። ፒያሳ ላይ ጣሊያን የሠራው ግንብ ከታየ ያ ምስል የሚያዝያ 1928 ሊሆን አይችልም። ገና የገባ ሰው ግንብ አልሠራም። በተቃራኒው ዛሬ የሌለ ነገር ከታየ የፈረሰበትን ዓመት የሚያውቅ ሽማግሌ ፈልጉ። ሸዋ በር ቁጭ ብለው የሚጫወቱ አባቶች ከየትኛውም ካታሎግ ይበልጣሉ። ላፕቶፑን ይዛችሁ ሂዱ። እኔ እንደዚያ አደርጋለሁ። ምስሉን ሳሳያቸው ግን «ይሄ ደሴ ነው አይደል?» አልላቸውም። «የት ይመስልዎታል?» ነው የምለው። ሰው እንግዳ ላለማሳፈር ብሎ «አዎ» ይላል፤ በተለይ ወሎዬ። (ሳቅ።)

አሁን ስለማይታየው ነገር። የሉቼን ፊልም ቁጭ ብላችሁ ብታዩ መንገድ ይሠራል፣ ባንዲራ ይሰቀላል፣ ሰው እጁን ዘርግቶ ሰላምታ ይሰጣል። የመርዝ ጋዝ የለም። ኅዳር 26 ቀን 1928 ደሴ በአውሮፕላን ስትደበደብ የቀይ መስቀል ምልክት ያለበት ሆስፒታል ጭምር መመታቱ የለም። ያን ቀን ንጉሡ ደሴ ነበሩ። ዓለም ያን ቀን ያወቀው እዚህ ከተማ ውስጥ የነበሩ የውጭ ጋዜጠኞች ስለነበሩ ነው። እንግዲህ አንድ ዶክመንተሪ ስለ 1928 ደሴ ሲሠራና ምስሉ ሁሉ ከሉቼ ሲሆን ምን ይሆናል? ተራኪው ስለ ቦምብ ያወራል፣ ዓይናችን ግን የሚያየው የተደሰተ ከተማ ነው። ዓይን ያሸንፋል። ስለዚህ ለዳይሬክተሩ መናገር አለባችሁ። «ይሄንን የቀረጸው ወራሪው ነው» የሚል አንዲት መስመር ስክሪኑ ላይ ብትወጣ ምን ትጎዳለች? ብዙ ዳይሬክተሮች አይወዷትም። ምስሉን ያበላሻል ይላሉ። እኔ እጨቃጨቃለሁ። አንዳንዴ አሸንፋለሁ።

ድምፁም እንደዚያው ነው። በዚያ ዘመን የጦር ሜዳ ፊልም አብዛኛው ያለ ድምፅ የተነሣ ነው። የመድፉ ጩኸት፣ የሕዝቡ ሆታ ኋላ ስቱዲዮ ውስጥ የተጨመረ ነው። ደሴ ላይ የተቀዳ የሚመስል እልልታ የሮም ሊሆን ይችላል። ፍጥነቱም አለ። በድሮ ካሜራ በሴኮንድ 16 ወይም 18 ፍሬም፣ ማለት ነጠላ ምስል፣ ተነሥቶ በ24 ሲታይ ሰው ሁሉ እየሮጠ የሚሄድ ይመስላል። አያቶቻችን እንደዚያ አይራመዱም ነበር። አስተካክሉት።

ወደ 1977 ልዝለል። ጥቅምት 13 ቀን 1977 ቢቢሲ የጋዜጠኛውን የማይክል ቡርክን የረሃብ ዘገባ አስተላለፈ። ካሜራውን የያዘው ኬንያዊው መሐመድ አሚን ነበር፤ የዜና ፊልም ድርጅቱ የቪዝኒውስ ሰው። ቦታው ኮረም ነው፣ ያኔ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር። ያ ምስል በ425 የቴሌቪዥን ጣቢያዎች መታየቱ ይነገራል። ቪዝኒውስን በኋላ ሮይተርስ ጠቀለለው። መሐመድ አሚን በ1989 ዓ.ም. በተጠለፈው የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላን ውስጥ ሞተ። ምስሉ ግን ዛሬም ይሠራል። ስለ አፍሪካ፣ ስለ እርዳታ፣ ስለ አየር ንብረት፣ ስለማንኛውም ችግር ፊልም ሲሠራ ያ የኮረም ማለዳ ይጠራል።

እኔ እዚህ ላይ ቆም እላለሁ። ምክንያቱም በእነዚያ ምስሎች ውስጥ ያሉት ሰዎች የእናንተ ዘመዶች ናቸው። እዚህ አዳራሽ ውስጥ «ያቺ እናቴ ናት» የሚል ሰው ሊኖር ይችላል። ምስሉን የሚሸጠው ድርጅት ያውቃታል? ስሟ አልተመዘገበም። በካታሎጉ ውስጥ «የተራበች ሴት፣ መካከለኛ ርቀት» ናት። ከትግራይ አንዲት ሕፃን ታስታውሱ ይሆናል፤ የካናዳ ቴሌቪዥን ያነሣት፣ ልትሞት ነው የተባለች። ሐምሌ 6 ቀን 1977 ለረሃቡ ገንዘብ ለማሰባሰብ በተዘጋጀው በላይቭ ኤድ ኮንሰርት ዓለም ሁሉ አያት። ከሃያ ዓመት በኋላ፣ በ2005 እ.ኤ.አ.፣ ለንደን መድረክ ላይ ቆማ ታየች። ብርሃን ወልዱ ትባላለች። የእሷን ስም ያወቅነው ጋዜጠኛው ተመልሶ ስለፈለጋት ነው። ሌሎቹን ማን ፈለጋቸው?

የእኔ ሕግ ይሄ ነው፤ ሌላ ሰው ላይስማማበት ይችላል። የሞት አፋፍ ላይ ያለ ሰው ፊት ለ«ድባብ» አላቀርብም። ፊልሙ ስለዚያ ቀን፣ ስለዚያ ቦታ ከሆነ እሺ። ስለ ሌላ ነገር ሆኖ ሙዚቃ ከሥሩ ሊያስገቡበት ከሆነ ሌላ ምስል ፈልጉ እላለሁ። ባለፈው አንድ አዘጋጅ «ግን እኮ ነፃ ነው፣ ኢንተርኔት ላይ አለ» አለኝ። እሱ ያወራው ስለ ዋጋው ነበር። እኔ ስለሴትየዋ ነበር።

ዋጋ ከተነሣ ቶሎ ልለፈው፤ አሰልቺ ነው ግን ግድ ነው። የፉቴጅ ፈቃድ ማለት ቤት መከራየት እንጂ መግዛት አይደለም። በሴኮንድ ወይም በደቂቃ ይሰላል። ለየትኛው አገር፣ ለስንት ዓመት፣ ለቲቪ ነው ወይስ ለሲኒማ ነው ወይስ ለኢንተርኔት፣ ሁሉም ይጠየቃል። አምስት ሴኮንድ ብትፈልጉም ብዙዎቹ ዝቅተኛ መጠን አላቸው፣ ያንን ትከፍላላችሁ። መጀመሪያ የሚልኩላችሁ ዋተርማርክ፣ ማለት የባለቤቱ ምልክት፣ እና ታይም ኮድ፣ ማለት የሰዓት ቁጥር፣ ያለበት ቅጂ ነው። በእሱ ኤዲት አድርጉ። የፊልሙ ቅርጽ ሳይጠና ማስተሩን፣ ማለት ምልክት የሌለበትን ዋና ቅጂ፣ አትግዙ። በእኛ አገር የቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996 አለ። የምስልና ድምፅ ሥራ በእሱ ለ50 ዓመት ይጠበቃል፣ ፎቶ ለ25። ታዲያ ሃምሳው ዓመት አለፈ ብላችሁ አትዝለሉ። ፊልሙን የያዘው የውጭ ድርጅት በአገሩ ሕግ ነው የሚያናግራችሁ። በውስጡ ያለው ሙዚቃ ደግሞ ሌላ ባለቤት አለው።

አሁን ስለ እኛው ካሴት። እስካሁን ያወራሁት ሁሉ ሌላ ሰው ስላነሣው ምስል ነው። ጣሊያን አነሣን፣ እንግሊዝ አነሣን፣ ኬንያዊ አነሣን። እኛ ራሳችንን ያነሣነውስ? አለ። በየቤቱ አለ። የ1980ዎቹ የሠርግ ቪኤችኤስ። የትምህርት ቤት ምረቃ፣ ወይዘሮ ስሂንን ጨምሮ። የመውሊድ፣ የጥምቀት፣ የሆጤ ስታዲየም ጨዋታ። ወሎ ላሊበላ የኪነት ቡድን መድረክ ላይ የነበረበት ዘመን። ማሪቱ ለገሰን ያፈራ መድረክ ነው፤ አንድ ሰው በቪዲዮ ቀድቶት ከሆነ ያ ካሴት ወርቅ ነው። ለታሪክ ፊልም ሠሪ የአንድ ሠርግ ካሴት ከአሥር ሰዓት የመንግሥት ዜና ይበልጣል። ዜናው ስብሰባ ነው የሚያሳየው። ሠርጉ ግን ሰው የለበሰውን፣ የበላውን፣ የዘፈነውን፣ ከኋላ ያለፈውን መኪና፣ ያልፈረሰውን ቤት ያሳያል።

ግን ጊዜ የለም። የማግኔት ቴፕ ይሞታል። ዩኔስኮና የዓለም የድምፅና የምስል መዛግብት ማኅበር በ2019 እ.ኤ.አ. ማስጠንቀቂያ አውጥተው ነበር። በ2025 እ.ኤ.አ. አካባቢ ማጫወቻውም፣ መለዋወጫውም፣ የሚያውቀውም ሰው ስለሚጠፋ ወደ ዲጂታል ያልተገለበጠው ይቀራል ነው ያሉት። ዓመቱ መጣ፣ አለፈ። ካሴቱ ግን አሁንም ከቁም ሳጥን በታች ነው። ድሃ ስለሆንን ብቻ የሚጠፋብን እንዳይመስላችሁ። ሰው ጨረቃ ላይ ሲራመድ የተቀዳባቸውን የአፖሎ 11 የመጀመሪያ ቴፖች ናሳ ራሱ ጠርጎ ሌላ ሳይቀዳባቸው እንዳልቀረ በ2009 እ.ኤ.አ. አሳውቋል። ቢቢሲም ቴፕ ለመቆጠብ ብሎ ብዙ የድሮ ፕሮግራሞቹን ጠርጓል። እኛ ደግሞ የራሳችን አለን። በ2014 ዓ.ም. ጥቅምትና ኅዳር ከተማዋ ጦርነት ውስጥ በነበረች ጊዜ የደሴ ሙዚየም መዘረፉን እናንተ ከእኔ በላይ ታውቃላችሁ። የአንድ ቦታ ብቻ ቅጂ ማለት ምን ማለት እንደሆነ ለደሴ ሰው ማስረዳት አይጠበቅብኝም።

ምን ይደረግ? ካሴቱን አቁማችሁ አስቀምጡት፣ አታስተኙት። ጠቅልሉት፣ ማለት ወደ መጀመሪያው መልሱት። ከስፒከር፣ ከምድጃ፣ ከእርጥበት አርቁት። ጀርባው ላይ ያለችውን ትንሽ ፕላስቲክ ስበሯት፤ ማንም በስህተት እንዳይቀዳበት። ነጭ ሻጋታ ካያችሁበት አታጫውቱት፤ ማጫወቻውንም ይበክላል፣ ቴፑንም ይቆርጠዋል። የፊልም ጥቅልል ከሆነና ቆርቆሮውን ስትከፍቱ አቼቶ አቼቶ ከሸተታችሁ መበስበስ ጀምሯል፤ ከሌሎቹ ለዩትና ቶሎ አስገልብጡት። ዲጂታል ካደረጋችሁ በኋላ በቴሌግራም ስትልኩ እንደ ቪዲዮ አትላኩት፣ ጨምቆ ያበላሸዋል። እንደ ፋይል ላኩት። ኦርጅናሉን ካሴት ደግሞ አትጣሉት። አብሽሩ፣ ሁሉም ገንዘብ አይጠይቅም። እስክሪብቶ ብቻ የሚጠይቅ አለ። ካሴቱ ላይ ማን፣ የት፣ መቼ፣ በየትኛው ዘመን አቆጣጠር፣ ማን ቀረጸው ብላችሁ ጻፉ። «ሠርግ 2» ብሎ የተጻፈበት ካሴት ያየሁትን ያህል ምንም አላየሁም።

ስለ አርቴፊሻል ኢንተለጀንስ ሳልናገር እንዳልወርድ ተነግሮኛል። አጭር ነው። አሁን «የ1928 ደሴ» ብላችሁ ብትጽፉ ማሽኑ ያማረ፣ ጭረት ያለበት፣ ጥቁርና ነጭ ምስል ያወጣላችኋል። ተራራ ይኖረዋል። ጦሳን ግን አይመስልም፤ ወይም ይባስ ብሎ ይመስላል። አሜሪካ ውስጥ ያሉ የሙያው ሰዎች በ2023 እ.ኤ.አ. ማኅበር መሥርተው በ2024 መመሪያ አውጥተዋል። ፍሬ ነገሩ፣ የተሠራ ምስል ከተጠቀማችሁ ለተመልካቹ ንገሩ፣ ከእውነተኛ አርካይቭ ጋር አታቀላቅሉ ነው። የእኔ ስጋት ፊልሙ ራሱ አይደለም። ከፊልሙ ተቆርጦ ቲክቶክ ላይ ሲወጣ ነው። ከሦስት ዓመት በኋላ አንድ ተማሪ ያገኘውና «አርካይቭ» ብሎ ያስቀምጠዋል። ከዚያ በኋላ ማን ይለየዋል?

ጥያቄዎችም ነበሩ። ሁለቱን ላስገባ።

አንድ ወጣት «ዩቲዩብ ላይ ያለውን ዳውንሎድ አድርጌ ብጠቀም ማን ያገኘኛል?» አለኝ። አዳራሹ ሳቀ። መልሱ፣ ሰው ባያገኝህ ማሽን ያገኝሃል ነው። ዩቲዩብ ኮንቴንት አይዲ የሚባል ሥርዓት አለው፣ ትልልቆቹ ክምችቶች ፊልማቸውን አስመዝግበዋል። ቪዲዮህን ያግዳል፣ ወይም ገቢውን ለእነሱ ያደርገዋል። ጥራቱም አንድ ሌላ ጣጣ ነው። ብዙ ጊዜ ዩቲዩብ ላይ ያለው የቅጂ ቅጂ ነው። አንድ ሰው ከሌላ ዶክመንተሪ ቆርጦ፣ ከላይና ከታች ከርክሞ ሰፊ ስክሪን አስመስሎ የጫነው። የድሮው ፊልም ቅርጹ ጎኖቹ እኩል ወደሆኑ አራት ማዕዘን የተጠጋ ነው። ከተከረከመ ከላይ የጠፋው ምን ሊሆን እንደሚችል አስብ። ተራራው ነው። ዩቲዩብን ለማወቂያ ተጠቀምበት፤ ለፊልምህ ግን ምንጩ ድረስ ሂድ።

ከኋላ የተቀመጡ አንድ አባት ደግሞ ተነሡ። አባታቸው በጣሊያን ጊዜ ሐረጎ መንገድ ላይ ድንጋይ ሲፈልጡ መኖራቸውን ነገሩን። «ታዲያ ልጄ፣ ካሜራው ያኔ ካለ አባቴም እዚያ ውስጥ ይኖር ይሆን?» አሉኝ።

ሊኖሩ ይችላሉ አልኳቸው። ጣሊያን መንገድ ሲሠራ መቅረጽ ይወድ ነበር፤ ሠራተኞቹም ይታያሉ። የልጅ ልጅዎ የሉቼን ድረ ገጽ ይክፈትልዎት፣ በጣሊያንኛ «መንገድ» የሚለውን ቃልና «ደሴ»ን አብሮ ይፈልግ። ምስሉን ሲያዩ ከፊት ይልቅ መጀመሪያ ቦታውን ይዩ። ሐረጎ መሆኑን ካመኑ ያቁሙት፣ ደቂቃውንና ሴኮንዱን ይጻፉት። ከዚያ ወንድም፣ እህት፣ ጎረቤት ካለ እርስዎ ያዩትን ሳይነግሯቸው ያሳዩዋቸው። እነሱም «እርሳቸው ናቸው» ካሉ፣ ስማቸውን ከነአባታቸው፣ የመጡበትን ቀበሌ፣ ዓመቱን በሁለቱም አቆጣጠር ጽፈው ለመዝገብ ቤቱ ኢሜይል ይላኩ። በእንግሊዝኛ ይበቃል። ካልመለሱ ድጋሚ ይላኩ፤ እነሱ ቢሮ ሁልጊዜ የሚያነብ ሰው አይኖርም። ኮፒውን ደግሞ እዚሁ ለሙዚየሙ ያስገቡ።